ኮምቦልቻ ላይ የጣሪያ ትረስ ወርክሾፕ ያዋጣል ወይ? ለአንድ ወጣት በያጅ የተሰጠ ምላሽ

ጥያቄው ባጭሩ ይኼ ነው። ጠያቂው የሐይቅ ከተማ ልጅ ነው። በብየዳ ሌቭል 3 ጨርሶ የብቃት ምዘናውን አልፏል። አሁን ሰው ቤት ተቀጥሮ በር፣ መስኮትና አጥር ይበይዳል። ሳዑዲ ያለች እህቱ የላከችው ገንዘብ እጁ ላይ አለ። ኮምቦልቻ ላይ ቦታ ተከራይቶ የጣሪያ ትረስ፣ ማለትም ቆርቆሮውን የሚሸከመውን ባለ ሦስት ማዕዘን ማዋቀሪያ፣ እየሠራ መሸጥ አስቧል። «ገበያው አለ ወይ? ከብረትና ከእንጨት የቱን ልያዝ? ሠራተኛስ እንደ ልብ ይገኛል?» ይላል።

አብሽር ወንድሜ፣ ሐሳብህ መጥፎ አይደለም። እኔ የስትራክቸር መሐንዲስ ነኝ። ሥራዬ ባብዛኛው ከከሚሴ እስከ ወልድያ ባለው መስመር ላይ ነው። ገንዘቡ የእህትህ ላብ ስለሆነ ነገሩን አላሳምርልህም፤ እንዳለ እነግርሃለሁ።

ሥራ አለ። ብየዳ የሚችል ሰውም አለ። የጠፋው በትክክል ለክቶ፣ ሳያባክን ቆርጦ፣ በቀጠሮው ቀን ጣሪያ ላይ የሚሰቅል ቡድን ነው። ገንዘብህን ማሽን ላይ ከመጨረስህ በፊት ይኼን ቡድን አስብበት።

ከገበያው ልጀምር። «ትረስ ስጠኝ» ብሎ የሚመጣ ደንበኛ እምብዛም አይገጥምህም። ሰውዬው የሚልህ «ግድግዳው ቆሟል፣ ሰኔ ሳይገባ ልከድነው» ነው። ስለዚህ ሥራው ወቅት አለው። ከጥቅምት እስከ ጥር ሩጫው የግንበኛው ነው። የጣሪያ ደንበኛ የሚግተለተለው ከመጋቢት ወዲህ ነው፤ ግንቦት ላይ ስልክህ አያርፍም። ነሐሴ ላይ ደግሞ ዝንብ እሽ ትላለህ። በዚያ ላይ የወሎ ደጋ በበልግም ይዘንባል። ኮምቦልቻ ፀሐይ እየሞቅህ ኩታበር ላይ የምትሰቅለው ትረስ ቀኑን ሙሉ ዝናብ ሊያስቆመው ይችላል። የክረምቱን ወራት በር፣ መስኮትና የተማሪ ዴስክ ካልያዝክበት የቤት ኪራዩ ይበላሃል።

ደንበኞችህ እነማን ናቸው? አንደኛው የእህትህ ብጤ ነው። ሐርቡ፣ ከሚሴ፣ ሐይቅ፣ ውጫሌ፣ መርሳ ብትሄድ ከዓረብ አገር በተላከ ገንዘብ የሚሠራ ቤት ታያለህ። እዚህ ያለው አባት ወይም ወንድም አሠሪ ይባላል እንጂ ውሳኔው በኢሞ ነው። ላኪዋ ፎቶ ትጠይቃለች፤ የብረቱን ውፍረት ሳይቀር ለክተህ እንድታሳያት ትፈልጋለች። ብዙ ባለሙያ በዚህ ይበሳጫል። እኔ ግን ጥሩ ደንበኛ ናት እላለሁ። ያየችውን ታምናለች፣ ቃሏን ታከብራለች፣ ጎረቤቷንም ትልክልሃለች።

ሁለተኛው የመንግሥትና የእርዳታ ድርጅቶች ሥራ ነው። በ2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ደሴንና ኮምቦልቻን ጨምሮ ወሎን ሲያዳርስ የተጎዳው ትምህርት ቤትና ጤና ተቋም ብዙ ነው። መልሶ የሚጠገነው ቀስ እያለ ነው። ይኼ ሥራ በጨረታ ይወጣል፤ የሚያሸንፈው ኮንትራክተር ነው። አንተ የእሱ ንዑስ ተቋራጭ ትሆናለህ። ብዛት አለው፣ ስምም ያወጣልሃል። ክፍያው ግን ይጎተታል። ኮንትራክተሩ «ክፍያ ሲለቀቅልኝ» ካለህ፣ መቼ እንደሚለቀቅ እሱም አያውቅም።

ሦስተኛው መጋዘን፣ ጋራዥ፣ የከብት ማደለቢያና የዶሮ ቤት ነው። አራተኛው መስጊድና ቤተ ክርስቲያን። ይኼኛው ሰፊ ስለሆነ ያጓጓል። ለመጀመሪያው ዓመት ግን ባትነካው ደስ ይለኛል፤ ምክንያቱን ታች እነግርሃለሁ።

እንጨት ወይስ ብረት? ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የምንዛሪው ተመን በገበያ እንዲወሰን ከመደረጉ በፊት 1 ዶላር 57 ብር ገደማ ነበር። በወር ጊዜ ውስጥ ከ100 ብር አለፈ። አገር ውስጥ የሚታጠፈው አርኤችኤስም (ውስጡ ክፍት የሆነው ባለ አራት ማዕዘን ብረት) ሆነ ቆርቆሮ ጥሬ ዕቃው ከውጭ በጥቅል የሚመጣ ላሜራ ነው። ስለዚህ የብረት ዋጋ ዶላሩን ተከትሎ ይሄዳል። ባህር ዛፍ ግን የገበሬው ጓሮ ውስጥ ነው የሚበቅለው። በዚህ የተነሳ «ብረቱ ቀርቶብኝ በአጠና ልሥራው» የሚል ደንበኛ እንደገና እየመጣ ነው። መኖሪያ ቤት ላይ አትናቀው። የትረሱ የላይኛውና የታችኛው እንጨት 12 ሳንቲ ውፍረት ባለው ባህር ዛፍ፣ ቋሚውና ሰያፉ 10 ሳንቲ፣ ላዩ ላይ ቆርቆሮው የሚመታበት 5 በ7 ሞራሌ። ይኼ አገር የለመደው አሠራር ነው፤ በወጉ ከተሠራ ዕድሜ አለው።

በወጉ የሚለው ላይ ነው ጣጣው። ባህር ዛፉ እርጥብ እያለ ይሰቀላል። ሲደርቅ ይጣመማል፣ ይሰነጠቃል፣ ሚስማሩንም ይለቃል። የቆርቆሮው ሞገድ ዓመት ሳይሞላው ዥው ብሎ ወደ ውስጥ የገባበት ቤት ሐይቅ ላይ ቆመህ መቁጠር ትችላለህ። ቆላው ላይ ደግሞ ምስጥ አለ። ሌላው ነገር አናጢው ነው። ትረስ በደንብ የሚያውቁት አናጢዎች አርጅተዋል። ልጆቻቸው መጋዝ ትተው ግራይንደር ይዘዋል።

ውጭ አገር የእንጨት ትረስ ፋብሪካ እንዳለ ሰምተህ ይሆናል። እውነት ነው። አሜሪካኖች እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ ፍሎሪዳ ላይ ካሮል ሳንፎርድ፣ ቀጥሎም ካልቪን ጁሬት የሚባሉ ሰዎች ጥርስ ያለው የብረት ሳህን አወጡ። መገጣጠሚያው ላይ በማሽን ተጭኖ እንጨቱ ውስጥ ይገባል። ከዚያ ወዲህ ጣሪያው ፋብሪካ ተሠርቶ በመኪና የሚመጣ ዕቃ ሆነ። ያ ሳህን ግን የሚሠራው በደረቀ፣ በተላገና ውፍረቱ እኩል በሆነ ጣውላ ላይ ነው። ክብ አጠና ላይ ምንም አያደርግልህም። ስለዚህ እንጨቱን ለአናጢዎቹ ተወው። አንተ በያጅ ነህ፤ ብረቱን ያዝ። ከእነሱ ጋር ግን ተወዳጅ። መገጣጠሚያው ላይ የሚገባ የላሜራ ሳህንና ብሎን ቆርጠህ ብትሸጥላቸው የእነሱም ጣሪያ ይጠነክራል፣ አንተም በሰበቡ ትተዋወቃለህ።

«ብረት ውድ ከሆነ ማን ይገዛኛል?» ትለኝ ይሆናል። እዚህ ላይ ትንሽ ቁጥር እንሥራ።

8 ሜትር ስፋት ያለው ቤት እንውሰድ። ተዳፋቱ 20 ዲግሪ፣ የጣሪያው ክንፍ በየጎኑ 60 ሳንቲ ይውጣ። መሐንዲሱ ለላይኛውና ለታችኛው 60 በ40፣ ውፍረቱ 2.5 ሚሊ የሆነ አርኤችኤስ፣ ለመሐሉ 40 በ40 ባለ 2 ሚሊ አዟል እንበል። ይኼ ለምሳሌ ነው፤ ገልብጠህ እንዳትሠራበት። የላይኛው በየጎኑ 4.9 ሜትር ይመጣል። የታችኛው 8 ሜትር ነው። ገበያ ላይ ያለው ብረት አንዱ በርጋ (ያልተቆረጠው ሙሉ ዘንግ) 6 ሜትር ነው።

አብዛኛው ሰው እንዴት ይቆርጣል? ለታችኛው አንድ ሙሉ በርጋ ያስቀምጥና የጎደለውን 2 ሜትር ከአዲስ በርጋ ይቆርጣል። ለሁለተኛው ትረስም እንዲሁ፣ ለሦስተኛውም እንዲሁ። ሦስት ትረስ ላይ ለታችኛው ብቻ 6 በርጋ ገባ። ጥግ ላይ ባለ 4 ሜትር ቁራጭ ተደርድሯል። «ለሌላ ይሆናል» ይባላል። ማታ ማታ ለቁራሌው ይሆናል።

አስቦ የሚቆርጥ ሰው ከአንዱ በርጋ ሦስት ባለ 2 ሜትር ያወጣል። ሦስቱ ትረስ በ4 በርጋ አለቀ። ከላይኛው ደግሞ በየበርጋው 1.1 ሜትር ይተርፋል። ከጫፉ 2 ሜትር ላይ የሚቆሙት ሁለቱ አጫጭር ቋሚዎች ቁመታቸው 73 ሳንቲ ገደማ ነው። የተረፈችው ቁራጭ ልክ ትበቃለች። ለሦስት ትረስ 60 በ40 ብረት 10 በርጋ ይበቃል፤ ሳያስብ የሚቆርጠው 12 ወይም ከዚያ በላይ ይፈጃል። አንዱ ትረስ ወደ 80 ኪሎ ይመዝናል። ደንበኛህን የምታሸንፈው እዚህች ልዩነት ላይ ነው። ከጎረቤትህ በረከሰ ዋጋ ሰጥተህም ትርፍ ይኖርሃል። ይኼን ለማወቅ ኮምፒውተር አያስፈልግም። እርሳስ፣ ደብተርና ብረቱ ከመቆረጡ በፊት ለመቀመጥ ፈቃደኛ የሆነ ሰው ነው የሚያስፈልግህ። ቅጥያው የት ይሁን፣ በምን ይጠናከር የሚለውን ግን ለመሐንዲሱ ተወው፤ የታችኛው ብረት ተወጥሮ ስለሚሠራ በዘፈቀደ አይቀጠልም።

አንድ ልማድ ደግሞ አለ። የመጀመሪያውን ትረስ መሬት ላይ ሠርተው ሁለተኛውን በላዩ ላይ ይገጥማሉ። ይኼ ጥሩ ነው። ሦስተኛውን ከሁለተኛው፣ አራተኛውን ከሦስተኛው ከቀዱ ግን ስህተቱ እየተጠራቀመ ይሄዳል። አሥረኛው ላይ ስትደርስ የጣሪያው አናት ባለ ሁለት ጣት ልዩነት አለው። ሞራሌው አይቀመጥም። የመጀመሪያውን ቀለም ቀብተህ «ሞዴል» ብለህ ጻፍበት። ሥራው እስኪያልቅም አይሰቀል።

አሁን ወደ ሠራተኛው ልምጣ፤ የጥያቄህ ዋናው ይኼ ነው።

ብየዳ የተማረ ልጅ በየዓመቱ ይወጣል። ደሴ ወይዘሮ ስህን አለ፣ ኮምቦልቻም ፖሊ ቴክኒክ አለ፣ ሌሎቹም ከተሞች የየራሳቸው ኮሌጅ አላቸው። የኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክ ሲገነባና የአዋሽ–ኮምቦልቻ–ሐራ ገበያ ባቡር ሲሠራ ብዙ የወሎ ልጅ ፌሮና ብየዳ ሳይት ላይ ተምሯል። ከሳዑዲ የተመለሱም አሉ። እነዚህ ጎበዞች ናቸው፤ ከሥራ በፊት ስዕሉን ይጠይቃሉ፣ ጓንት ሳያደርጉ አይነኩም።

እና ለምን ሰው የለም ይባላል? ኮሌጅ የሚወጣው ልጅ በር ላይ ነው የተለማመደው። በር ጠማማ ቢሆን ይታያል፣ ይስተካከላል። ትረስ ግን መሬት ላይ ቀና መስሎ ሲሰቀል ነው ጉዱ የሚወጣው። ባለ 2 ሚሊ ብረት ደግሞ ከረንቱ ከበዛ ይበሳል፣ ካነሰ ላዩ ላይ ብቻ ይለጠፋል። ከላይ ሲታይ ያማረ፣ ውስጡ ያልያዘ ብየዳ ጣሪያ ላይ አደገኛ ነው። በባለ 2.5 ሚሊ ኤሌክትሮድ እንዲህ ዓይነት ቀጭን ብረት ለሦስት ወር ሳያበሳ የሠራ ልጅ ካገኘህ ያዘው።

ከያዝከው በኋላ ሌላ ጭንቀት አለ፤ ይሄድብሃል። ሥራ ሲለምድ ግማሹ የራሱን ማሽን ይገዛል። ግማሹ በባቲ በኩል ጅቡቲን አልፎ ባሕር ለመሻገር ያስባል። ትልቅ ፕሮጀክት ከመጣም በቀን አበል ይወስደዋል። ምክር መስጠት አያቆየውም። እኔ ያየሁት የሚሠራ ነገር አከፋፈሉ ነው።

ባሁኑ ጊዜ የብረት ሥራ ዋጋ የሚነገረው በኪሎ ነው። ደንበኛው በኪሎ ይከፍላል፣ በያጁም በኪሎ ይቀበላል። ይኼ አሠራር ለእኔ ጤነኛ አይደለም። ትረሱ በከበደ ቁጥር ሁሉም ብዙ ያገኛል፤ ብረት የሚቆጥብ ሰው የራሱን ደሞዝ ይቀንሳል። አንተ በትረስ ተደራደር። ለበያጆቹም በተረከብከው ትረስ ቁጥር ክፈል፤ ያልያዘ ብየዳ ከተገኘ በራሳቸው ሰዓት ይመልሱት። ለኪውና ቆራጩ ግን የወር ደሞዝ ይኑረው። በቁራጭ ልክፈለው ካልክ ይቸኩላል፣ የቸኮለ ቆራጭ ደግሞ በርጋ ያቃጥላል። በየወሩ ከተቆጠበው ብረት ድርሻ ስጠው። የሚሄድብህ ሰው እሱ እንዳይሆን ነው ልፋቱ። ለዚህ ቦታ ሴት ልጆችንም ጠይቅ። ከፖሊ ቴክኒኩ የሚወጡት ብዙ ጊዜ «ጣሪያ ላይ አትወጣም» ተብለው ይመለሳሉ። ይኼ ሥራ ግን መሬት ላይ ነው።

የሚሰቅሉት ሌላ ቡድን ናቸው። ብዙዎቹ የገጠር ልጆች ናቸው። ኅዳርና ታኅሣሥ አጨዳ አለባቸው፣ ሰኔ ላይ እርሻ አለባቸው። በረመዳን ፀሐይ ላይ ጾመው ጣሪያ መውጣት ይከብዳል፤ ሌሊት 11 ሰዓት ጀምረው ረፋድ ላይ እንዲወርዱ አድርግ። የሐሙስ ቀጠሮ ለዓርብ ከተላለፈ ደግሞ የጁምዓን ሰዓት አስብበት። ይኼን ሳያሰላ ቀጠሮ የሚሰጥ ሰው ነው «ነገ፣ ነገ» እያለ ስሙ የሚጠፋው።

የደኅንነት ቀበቶ ግዛ። ቀልድ አይደለም። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት ሥራ ላይ ለሚደርስ ጉዳት ተጠያቂው አሠሪው ነው። «በራሱ ጥፋት ወደቀ» ማለት ብዙም አያስጥልህም።

ስለ ዋጋ አሰጣጥ ሁለት ነገር ብቻ። ብረት አከማችተህ ዋጋ ይጨምራል ብለህ አትጠብቅ፤ ያንተ አቅም ለዚያ አይሆንም። የደንበኛውን የብረት ዋጋ በቅድሚያ ተቀበል፣ በዚያው ቀን ግዛ፣ ደረሰኙን አሳየው። የምትሰጠው ዋጋም ላዩ ላይ «ለ5 ቀን ብቻ የሚያገለግል» ተብሎ ይጻፍበት። አሜሪካኖቹም ይኼን የተማሩት ተቃጥለው ነው። እ.ኤ.አ. በግንቦት 2021 የጣውላ ዋጋ በሺህ ቦርድ ፉት (የእነሱ የጣውላ መለኪያ ነው) ከ1,600 ዶላር በላይ ወጥቶ ነበር። በቀድሞ ዋጋ የተዋዋሉ የትረስ ፋብሪካዎች ተጨነቁ፤ ከዚያ በኋላ ዋጋ የሚሰጡበትን ጊዜ አሳጠሩ፣ ውላቸው ላይም የዋጋ ጭማሪ አንቀጽ ጨመሩ። እኛ አገር ችግሩ ሌላ ነው፤ ይሉኝታ ነው። ደንበኛህ ቤት ቡና ተጠርተህ ከሄድክ በረካው ሳይደርስ ዱቤ ፈቅደህ ትወጣለህ። ቡናውን ጠጣ፣ ሒሳቡን ግን ወርክሾፕህ ላይ ጨርስ።

ማሽንን በተመለከተ፣ ሁለት ኢንቨርተር ብየዳ፣ አንድ መቁረጫ፣ ግራይንደሮች፣ የተስተካከለ ትልቅ የብረት ጠረጴዛና ጀኔሬተር ይበቃሃል። መብራት ሲጠፋ ሠራተኛህን ቁጭ አድርገህ የምትከፍለው ገንዘብ ጀኔሬተሩን ይገዛል። አንድ ሰው ቀጭን ላሜራ እያጠፈ ሙሉ ትረስ የሚያወጣ ማሽን ሊሸጥልህ ይመጣ ይሆናል። ማሽኑ ጥሩ ነው። ግን ዘወትር ሥራ ካላገኘ ቆሞ ይበላሃል፣ መለዋወጫውም በዶላር ነው። ካደግክ በኋላ በካፒታል ዕቃ ሊዝ፣ ማለትም ማሽኑን ወስደህ ቀስ እያልክ በምትከፍልበት ኪራይ፣ ልትወስደው ትችላለህ፤ በክልሉ እንደ ዋልያ ያሉ ተቋማት ለዚህ የተቋቋሙ ናቸው።

መስጊድና ቤተ ክርስቲያን ለጊዜው ይቆይ ያልኩህ በዚህ ነው። በ2001 ዓ.ም. የወጣው የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624 በተሸካሚዎች መካከል ያለው ርቀት 7 ሜትር ወይም ከዚያ በታች የሆነውን ባለ አንድ ወለል ሕንፃ ምድብ «ሀ» ውስጥ አስገብቶት ነበር፤ ከሁለት ፎቅ በታች የሆነውን የግል መኖሪያም እንዲሁ። ሕዝብ የሚገለገልበት ሕንፃ፣ ፋብሪካና ወርክሾፕ ምድብ «ሐ» ነበር፤ የሚጠየቀው ባለሙያ ደረጃም ከፍ ያለ ነበር። የሚሠራበትን ወቅታዊ መመሪያ ከከተማው የሕንፃ ሹም ጠይቅ። አንድ ዓመት ሙሉ መኖሪያ ቤትና መጋዘን ላይ ብትቆይ እጅህም ይፍታታል፣ ቡድንህም ሥራውን ይለምዳል። ሰፊው ሲመጣ ስዕሉን ፈርሞ የሚሰጥህ መሐንዲስ ይኑር፤ ከስዕሉ ውጭ አንዲት ቋሚ እንኳ አትቀንስ።

ቦታው ኮምቦልቻ መሆኑ ልክ ነው። ሜዳ ነው፣ ከጅቡቲ በሚሌና ባቲ የሚመጣው መንገድ ላይ ነው፣ ደረቅ ወደብም አለው። ደሴ ገደል ላይ ያለች ከተማ ናት፤ ሰፊና ደልዳላ ግቢ በኪራይ ማግኘት ያደክማል። ግን ከኮምቦልቻ ደሴ ለመድረስ ሐረጎን መውጣት አለብህ። ባለ 8 ሜትሩ ትረስ ከነክንፉ ከ9 ሜትር በላይ ነው፤ አይሱዙ ላይ ተንጠልጥሎ በዚያ ጠመዝማዛ አይሄድም። በሁለት ግማሽ ሠርተህ መሐሉ ላይ በብሎን የሚገጠም አድርገው። እያንዳንዱ ግማሽ 4.6 ሜትር ነው፣ ይጫናል። የብሎኑን ብዛትና ውፍረት ስዕሉ ላይ አስጽፍ። መንገድ የሚዘጋበት ቀንም ስለማይጠፋ መጀመሪያ ላይ ከሐይቅና ከሐርቡ አትራቅ። ግቢውን ከመከራየትህ በፊት ደግሞ ሁለት ነገር አረጋግጥ። በሩ አይሱዙ ዞሮ የሚወጣበት ስፋት ይኑረው፤ ባለ ሦስት ፌዝ መብራት ቆጣሪውም አስቀድሞ የገባ ይሁን። ቆጣሪ አመልክቼ አስገባለሁ ብለህ ውል እንዳትፈርም።